የአንባቢያን ጥያቄ፦ «የትምህርትና የቴክኖሎጂ ሰው» የተባሉት የአሴምብሊ አባል ምን ሠሩ?

ጥያቄ፦ ጋሼ፣ እንደምን ከረሙ? የምኖረው ካሊፎርኒያ፣ ማውንቴን ቪው ነው። የአሥረኛ ክፍል ተማሪ ልጅ አለኝ። ባለፈው እሑድ ከቅዳሴ በኋላ ሻይ እየጠጣን አንዷ እናት «የእኛ አካባቢ የአሴምብሊ አባል ማርክ በርማን ይባላሉ፤ የትምህርትና የቴክኖሎጂ ሰው ናቸው» አለችኝ። እኔ ደግሞ «ትምህርት» የማይል ፖለቲከኛ እስከ ዛሬ አላየሁም። እውነት የሠሩት ነገር አለ? ልጄን የሚነካ? በዚያ ላይ አማቴ በየቀኑ በዋትስአፕ የተቀነባበረ ቪዲዮ ትልክልኛለች። ልጄ አየት ያደርግና «እማ፣ ኤአይ ነው» ብሎኝ ይሄዳል። ይህን ያስተማረው ትምህርት ቤት ነው ወይስ ቲክቶክ? አንድ ነገር ልጨምር። ዓምና ስለ ትምህርት ቤት ጉዳይ ዋሽንግተን ደውዬ «ይህ የኛ ሥራ አይደለም» ተባልኩ። ታዲያ የማን ነው?
የሁለት ልጆች እናት፣ ከማውንቴን ቪው

መልስ፦ እግዚአብሔር ይመስገን፣ ደኅና ከርመናል። እህቴ፣ ከመጨረሻው ልጀምር። ያንኳኩት የተሳሳተ በር ነው። ብዙዎቻችን እዚህ አገር ስንመጣ «መንግሥት» ስንል ዋሽንግተንን ብቻ ነው የምናየው። የልጅዎ መማሪያ ምን እንደሚይዝ፣ ከሃይስኩል ለመመረቅ ምን ምን መውሰድ እንዳለበት፣ የኮሚዩኒቲ ኮሌጅ (የሁለት ዓመቱ የመንግሥት ኮሌጅ) ክፍያ ስንት እንደሆነ የሚወስነው ግን በአብዛኛው የግዛታችን ዋና ከተማ ሳክራሜንቶ ነው። ለትምህርት ቤቶች ከሚወጣው ገንዘብ የፌዴራሉ ድርሻ ትንሹ ነው።

ሳክራሜንቶ ላይ ሁለት ምክር ቤት አለ። አንዱ 80 አባላት ያሉት አሴምብሊ፣ ሌላው 40 አባላት ያሉት ሴኔት። አንድ የአሴምብሊ አባል ወደ ግማሽ ሚሊዮን የሚጠጋ ሰው ይወክላል። እርስዎ ያሉበት የምርጫ ክልል (ዲስትሪክት) 23 ነው፤ አቶ በርማን የሚወክሉት እሱን ነው።

ሰውየው የአካባቢው ልጅ ናቸው። ፓሎ አልቶ አድገው ፓሎ አልቶ ሃይስኩል የተማሩ። ጆርጅታውን ዩኒቨርሲቲ፣ ቀጥሎ የደቡብ ካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ (ዩኤስሲ) ሕግ ትምህርት ቤት። በ2012 ለፓሎ አልቶ ከተማ ምክር ቤት ተመረጡ (ዓመቶቹ ሁሉ እንደ ፈረንጆቹ ናቸው)። የሲሊከን ቫሊ የትምህርት ፋውንዴሽን ውስጥም ሠርተዋል። በ2016 አሴምብሊ የገቡት በመጨረሻው ዙር ሌላ ዴሞክራት አሸንፈው ነው። ካሊፎርኒያ ውስጥ ፓርቲ ሳይለይ ከመጀመሪያው ዙር ሁለቱ ከፍተኛ ድምፅ ያገኙት ያልፋሉ፤ ስለዚህ አንዳንዴ ሁለት የአንድ ፓርቲ ሰዎች ይፋጠጣሉ። አንድ ሰው በሳክራሜንቶ ከ12 ዓመት በላይ መቆየት ስለማይችል እሳቸውም ከ2028 አያልፉም።

እንግዲህ ወደ ሥራቸው። እኔ የሕግ አውጪን ሥራ የምመዝነው ረቂቆቹ የት ደረሱ ብዬ ነው። አንዳንዱ ሕግ ይሆናል። አንዳንዱ መንገድ ላይ ይቀራል። አንዳንዱን ደግሞ ፍርድ ቤት ይጥለዋል። የአቶ በርማን ሦስቱንም ዓይነት ይዟል። የሚገርመው ጋዜጣው ሁሉ ያወራላቸው ሳይሆኑ ማንም ያላወራለት ነው እኛ ቤት የገባው።

ጋዜጣ ካወራላቸው አንዱ የመኪናው ረቂቅ ነበር። በ2019 «ኤቢ 302» የሚል ረቂቅ አቀረቡ («ኤቢ» አሴምብሊ ቢል፣ የአሴምብሊ ረቂቅ ማለት ነው)። ሐሳቡ አጭር ነው፦ ቤት የሌለው የኮሚዩኒቲ ኮሌጅ ተማሪ የተመዘገበበት ኮሌጅ ፓርኪንግ ውስጥ መኪናው ውስጥ ማደር ይፈቀድለት። ያን ዓመት በወጣ ጥናት ከተጠየቁት የካሊፎርኒያ ኮሚዩኒቲ ኮሌጅ ተማሪዎች ወደ 19 በመቶ የሚሆኑት ባለፉት 12 ወራት ውስጥ ቤት አጥተን ነበር ብለዋል። ከአምስቱ አንዱ ማለት ነው። እርስዎም ኤል ካሚኖ ሪያል ላይ ሲነዱ አይተው ይሆናል፤ በዓለም ሀብታም ከሚባሉት ኩባንያዎች አጠገብ ሰው የሚኖርባቸው ትልልቅ መኪኖች (አርቪዎቹ) ተደርድረው ይታያሉ።

ጩኸቱ ትልቅ ነበር። ኮሌጆቹ «ጥበቃው፣ ሽንት ቤቱ፣ ኢንሹራንሱ ማን ይከፍላል?» አሉ። ሌሎች ደግሞ «ተማሪ መኪና ውስጥ ይደር ማለት መፍትሔ ነው እንዴ? ውርደት ነው!» አሉ። እውነቱን ለመናገር ሁለቱም ውስጥ እውነት አለ። ግን ሌሊቱ ዛሬ ነው የሚመጣው፤ አፓርታማ እስኪሠራ ተማሪው የት ይደር? ከዚያ በፊት፣ በ2016፣ ሌላ የምክር ቤት አባል ቤት የሌላቸው ተማሪዎች በኮሌጁ ሻወር እንዲታጠቡ የሚፈቅድ ሕግ አሳልፈው ነበር። ታጥበህ ተማር፣ ግን ስታድር አትታይ እንደማለት ሆነ።

የመኪናው ረቂቅ አሴምብሊን አለፈ። ሴኔት የበጀት ኮሚቴ ላይ ደረሰና ማሻሻያ በማሻሻያ ላይ ተጨመረበት። መልኩ ሲጠፋባቸው አቶ በርማን ራሳቸው ተዉት። ብዙ ፖለቲከኛ ባዶውንም ቅርፊት «አሳለፍኩ» ብሎ ይፎክርበታል። እሳቸው አላደረጉትም፤ ይህን አከብርላቸዋለሁ። ሐሳቡም ጨርሶ አልሞተም። በ2021 ሎንግ ቢች ሲቲ ኮሌጅ በራሱ ፈቃድ ተማሪዎች መኪና ውስጥ የሚያድሩበት ፕሮግራም ጀምሯል።

ስለዚያ የበጀት ኮሚቴ ትንሽ ልበል፤ ማወቅ ያለብን ነገር ነው። ብዙ ገንዘብ የሚያስወጣ ረቂቅ «ሳስፔንስ ፋይል» የሚባል ውስጥ ይገባል። በዓመት ሁለት ጊዜ፣ ሜይ እና ኦገስት ላይ፣ ሊቀመንበሩ የመቶዎችን ረቂቅ ዕጣ በአንድ ጊዜ ተቀምጠው እንደ ሎተሪ ያነቡታል። ይህ አለፈ፣ ይህ ቀረ። ክርክር የለም፣ ለምን ቀረ የሚል ማብራሪያም የለም። የአቶ በርማን የኮምፒውተር ሳይንስ ረቂቆችም ሕግ ለመሆን አልበቁም። ሃይስኩል ሁሉ የኮምፒውተር ሳይንስ ክፍል ይኑረው፣ ኋላም ለመመረቅ ግዴታ ይሁን የሚሉ ነበሩ። ከአንድ ጊዜ በላይ ሞክረዋል። በ2023 የመጀመሪያውን ሲያቀርቡ ትምህርቱን የሚሰጡት ከግዛቱ ሃይስኩሎች ከግማሽ ያነሱ ነበሩ። ጉግል ያለበት ግዛት! እንቅፋቱ አስተማሪ ነው። ኮድ መጻፍ የሚችል ሰው ኩባንያ ገብቶ የአስተማሪውን ደመወዝ ብዙ እጥፍ ያገኛል፤ ክፍል ውስጥ ምን ያቆመዋል?

አሁን ወደ አማትዎ ቪዲዮ። ልጅዎ «ኤአይ ነው» ማለቱን ከትምህርት ቤት ነው ብዬ ብነግርዎት ደስ ባለኝ። እኔ ግን ቲክቶክ ነው ባይ ነኝ። ሕጉ አለ፤ ግን ቀስ ብሎ ነው የሚሄደው። በ2023 የተፈረመው «ኤቢ 873» የሚዲያ ንቃት ትምህርት ከመዋዕለ ሕፃናት እስከ 12ኛ ክፍል በእንግሊዝኛ፣ በሳይንስ፣ በሒሳብና በታሪክ ውስጥ እንዲካተት እንዲታሰብበት ያዛል። ምንጩ ማን ነው? ማን ከፈለበት? ማስታወቂያ ነው ወይስ ዜና? የሚል ዓይነት ጥያቄ ማስተማር ነው። መነሻ ከሆኑት ጥናቶች አንዱ እዚያው ጎረቤትዎ ስታንፎርድ በ2016 ያወጣው ነው፤ ከመካከለኛ ደረጃ ተማሪዎች ከ80 በመቶ በላይ የተከፈለበትን ማስታወቂያ ዜና ነው ብለው አምነዋል። በ2024 ደግሞ «ኤቢ 2876» ተጨመረ፤ ይኸኛው ስለ አርቴፊሻል ኢንተለጀንስ (ልጅዎ «ኤአይ» ስላለው) ነው። እንዴት ይሠራል፣ የት ይሳሳታል፣ አጠቃቀሙስ።

ነገር ግን ልብ ይበሉ። ሁለቱም አዲስ ክፍል አይከፍቱም፣ አዲስ ፈተናም የላቸውም። የሚሉት የትምህርት ማዕቀፉ (ምን ይማሩ የሚለው የግዛቱ መመሪያ) በሚቀጥለው ጊዜ ሲከለስ ይህም ይታሰብበት ነው። ማዕቀፍ የሚከለሰው ደግሞ በየስንት ዓመቱ ነው። አሥረኛ ክፍል ያለ ልጅ እስከዚያ ተመርቆ ሊሄድ ይችላል። ስለዚህ ይህን ሕግ ይዘው ወደ ወላጆች ስብሰባ ይሂዱና «እናንተ ምን ጀምራችኋል?» ብለው ይጠይቁ። ቁጥሩን ሲጠሩ ርእሰ መምህሩ ወንበሩ ላይ ቀና ይላል።

በቀጥታ በተቀነባበረ ቪዲዮ ላይ ያነጣጠሩ ሕጎችም አሏቸው። በ2019 የወጣው «ኤቢ 730» ምርጫ 60 ቀን ሲቀረው እጩን ያላለውን እንዳለ አስመስሎ፣ ሆን ብሎ ሰው ለማሳሳት የተሠራ ቪዲዮ ማሰራጨትን ከለከለ። በ2024 የወጣው «ኤቢ 2655» ጠንከር ያለ ነበር፤ ትልልቆቹን የማኅበራዊ ሚዲያ ኩባንያዎች እንዲህ ያለውን አውርዱ ወይም ምልክት አድርጉበት የሚል። የኢሎን መስክ ኤክስ ከሰሰ። ኦገስት 2025 ላይ የፌዴራል ዳኛ ሕጉን ጣሉት፤ ኩባንያዎች ሰው በለጠፈው ነገር እንዳይጠየቁ ከሚከላከለው የፌዴራል ሕግ ጋር ይጋጫል ብለው። አቶ በርማን እዚህ ላይ ቸኩለዋል ባይ ነኝ። ማንም የሕግ ተማሪ ይህ ክስ እንደሚመጣ ይነግራቸው ነበር፤ እሳቸው ራሳቸው የሕግ ሰው ናቸው።

የአማትዎ ቪዲዮ ግን ከእነዚህ አንዱም አይመለከተውም። የሚሻለው ልጅዎ አያቱ ጋ አንድ ቅዳሜ ቁጭ ብሎ ጣትና ጆሮ ላይ እንድታይ ቢያሳያት ነው።

ጥያቄ፦ ሰላም ጋሼ። ኮሚዩኒቲ ኮሌጅ ሁለተኛ ዓመቴ ነው። የኮርስ ዝርዝሩን ስከፍት የእንግሊዝኛው ኮርስ ቁጥር ተቀይሮ «ሲ 1000» ሆኗል። እኔ አሮጌውን ወስጄ ጨርሻለሁ። ወደ ዩኒቨርሲቲ ትራንስፈር ላደርግ ነበር። ከሰርኩ?
ተማሪ፣ ከኦክላንድ

መልስ፦ ልጄ፣ አልከሰርክም። እንዲያውም እኔ በጊዜዬ ባገኘሁት የምለው ነገር ነው የደረሰህ። ይህ ነው ከላይ «ማንም ያላወራለት» ያልኩት።

በ2008 ማታ ማታ ፓርኪንግ እሠራ ነበር። ቀን አንድ ኮሌጅ ገብቼ የእንግሊዝኛ ድርሰት ኮርስ ወሰድኩ። አያቴ ጠላ እንዴት እንደምትጠምቅ ጽፌ ቢ አገኘሁ። ከዚያ ሥራዬ ከሳን ፍራንሲስኮ ባሕረ ሰላጤ ማዶ ተዛወረና ሌላ ኮሌጅ ተመዘገብኩ። ካውንስለሯ ትራንስክሪፕቴን አየት አድርጋ «ይህ ከኛ ኮርስ ጋር አንድ አይደለም» አለችኝ። መጽሐፉን አሳየኋት። ያው መጽሐፍ ነው! «ገባኝ፣ ግን ቁጥሩ አይገጥምም» አለች። ደግሜ ወሰድኩት። ያንኑ የጠላ ድርሰት አስተካክዬ አስገባሁ። አሁንም ቢ። ጌሾውን ብጨምርበትም አልተሻሻለም።

የሄደብኝ አንድ ሴሚስተር ነው። የአውቶቡሱ፣ የመጽሐፉ፣ የቀረ ፈረቃ። እንዲህ ሲደጋግም አቋርጦ የቀረ ስንት የኛ ልጅ አለ! ካሊፎርኒያ ውስጥ 116 ኮሚዩኒቲ ኮሌጆች አሉ። ሁሉም ለኮርሱ የራሱን ስምና ቁጥር ያወጣ ነበር። ያንኑ ስታቲስቲክስ አንዱ 10፣ አንዱ 13፣ አንዱ 160 ይለዋል እንበል።

አቶ በርማን በ2021 «ኤቢ 1111» የሚል ረቂቅ አቀረቡ። ያው ኮርስ በሁሉም ኮሌጅ ያው ቁጥር ይኑረው የሚል። በቃ፣ ይኸው ነው። ሰልፍ አልወጣለትም፣ ቴሌቪዥን አልመጣለትም። ገዥው ጋቪን ኒውሰም በዚያው ዓመት ፈረሙበት። ሥራው ግን እንዳሰቡት አልቀለለም። ቁጥር መቀየር ቀላል ይመስላል፤ መጀመሪያ ግን የ116 ኮሌጅ መምህራን የኮርሱ ይዘት ምን እንደሆነ መስማማት አለባቸው። መምህራን ደግሞ ስታውቃቸው፣ ኮማ ላይ ይከራከራሉ። መጀመሪያ በ2024 እንዲያልቅ ታስቦ የነበረው ወደ 2027 ተገፋ።

የመጀመሪያዎቹ ስድስት ኮርሶች በ2025 የመኸር ሴሚስተር ወጡ፦ ሁለት የእንግሊዝኛ፣ አንድ ስታቲስቲክስ፣ አንድ የሥነ ልቦና መግቢያ፣ አንድ የንግግር፣ አንድ የአሜሪካ መንግሥት። ቁጥሩ ላይ ያየኸው «ሲ» የእንግሊዝኛው «ኮመን» ነው፤ የጋራ ማለት ነው። አሮጌው ኮርስህ ስሙ ተለወጠ እንጂ አልጠፋም። ብቻ ማንም «ድገመው» ቢልህ ወዲያው እሺ አትበል። ትራንስክሪፕትህን ይዘህ ካውንስለር ጋ ግባ፣ የአሮጌውና የአዲሱ ቁጥር ማዛመጃ እንዲያሳዩህ ጠይቅ። ዛሬ አንድ ዩኒት (ክሬዲት) 46 ዶላር ነው፤ ለሦስት ዩኒት 138 ዶላር። እሱን ለመጽሐፍ አውለው።

በዚያው ዓመት ያሳለፉት ሁለተኛ ሕግ «ኤቢ 928» ነው፤ ይኸም አንተን ይነካል። ቀድሞ ወደ ዩሲ (የካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ) የሚሄድና ወደ ካል ስቴት (የካሊፎርኒያ ስቴት ዩኒቨርሲቲ) የሚሄድ ተማሪ የተለያየ የአጠቃላይ ትምህርት ዝርዝር ነበራቸው። የቱ ጋ እንደሚቀበሉህ ሳታውቅ የቱን ዝርዝር ትከተላለህ? ሰው ሁለቱንም ለማሟላት ሲል ተጨማሪ ኮርስ ይከመራል። ከ2025 መኸር ጀምሮ ለአዲስ ገቢዎች «ካል ጌትሲ» የሚባል አንድ ዝርዝር ሆኗል፤ 34 ዩኒት፣ ለሁለቱም ይሠራል። አንተ ግን ከዚያ በፊት የጀመርክ ከሆነ በአሮጌው ዝርዝር የመጨረስ መብት ሊኖርህ ይችላል። ሁለቱን ጎን ለጎን አስቀምጠህ ለአንተ የሚያጥረውን ምረጥ። ካውንስለር ቀጠሮ በመመዝገቢያ ሰሞን አይገኝም፤ ቀደም ብለህ ያዝ።

ጥያቄ፦ የሳን ሆዜ ሹፌር ነኝ። ረቂቅ ሕግ ላይ ሐሳብ ለመስጠት ዜጋ መሆን ያስፈልጋል? እኔ ግሪን ካርድ ነው ያለኝ። እንግሊዝኛዬም እንደ ነገሩ ነው።
ከሳን ሆዜ

መልስ፦ ወንድሜ፣ ለመምረጥ ነው እንጂ ለመናገር ዜግነት አይጠየቁም። ኮሚቴ ፊት መጀመሪያ ከሁለቱም ወገን ዋና ምስክሮች ጥቂት ደቂቃ ይናገራሉ። ከዚያ የተረፈው ሰው ይሰለፍና ሦስት ነገር ብቻ ይላል፦ ስሜ እገሌ እባላለሁ፣ ከሳን ሆዜ ነኝ፣ እደግፋለሁ ወይም እቃወማለሁ። ንግግር ላርዝም ቢሉ ራሳቸው ያቋርጡዎታል። ስለዚህ እንግሊዝኛው አያሳስብዎት።

መሄድ ካልተመቸ ደብዳቤ በኢንተርኔት ማስገባት ይቻላል፤ ከስብሰባው አንድ ሳምንት ያህል ቀደም ይበሉ። ወይም የአሴምብሊ አባልዎ እዚሁ አካባቢ ወዳለው ቢሮ ይደውሉ። የሚያነሳው ብዙውን ጊዜ ወጣት ሠራተኛ ነው፤ የረቂቁን ቁጥር፣ ስምዎንና ሰፈርዎን ይመዘግባል። ቁጥሩን ካላወቁ በአንድ ቃል «የኮሌጅ ፓርኪንግ» ይበሉት፣ ፈልጎ ያገኘዋል። «ሌጅኢንፎ» የሚባለው የሕግ አውጪው ድረ ገጽ ላይ ደግሞ የእያንዳንዱ ረቂቅ ጽሑፍና ማን እንዴት ድምፅ እንደሰጠ በነፃ ይገኛል። ልጆችዎ ከፍተው ያሳዩዎት።

ሳክራሜንቶ ከሄዱ ጉልላት ያለውን ሕንፃ ብቻ ፍለጋ አይዙሩ። እሱ ግቢ እድሳት ከገባ ወዲህ አባላቱ ቢሯቸውን 1021 ኦ ስትሪት ወዳለው ሕንፃ ስላዛወሩ፣ ከመነሳትዎ በፊት ስብሰባው የትኛው ክፍል እንደሆነ አጀንዳው ላይ ይዩ። ቁርስዎንም በልተው ይሂዱ። የእርስዎ ረቂቅ ስንት ሰዓት ላይ እንደሚደርስ ማንም እርግጠኛ ሆኖ አይነግርዎትም። እኔ አንድ ጊዜ ከሰዓት በኋላ በዘጠኝ ተኩል ነው የተጠራሁት፤ ቦርሳዬ ውስጥ ቆሎ ባይኖር ኖሮ «እደግፋለሁ» ለማለትም ድምፅ አይኖረኝም ነበር።